አራተኛው ጥሪ

ገብረየሱስ ቆሞ የሚያልም ሰው ነው። የሚወዱትም የማይወዱትም በዚህ አንድ ናቸው። ልደታ ኮንዶሚኒየም አራተኛ ፎቅ ላይ፣ በረንዳው ብረት ላይ ክንዱን አስደግፎ ቁልቁል ሲመለከት ያየው ሰው የታክሲ ሰልፍ የሚቆጥር ይመስለዋል። እሱ ግን በዚያች ሰዓት የት እንዳለ ሚስቱ ሸዋዓለም እንኳ አታውቅም። «ገብሬ፣ ኧረ ተመለስ» ትለዋለች ከውስጥ ሆና፣ ወንዝ ማዶ ያለ ሰው እንደሚጠራ። እሱም ይመለሳል። ሁልጊዜም የሚመልሰው የእሷ ድምፅ ነው።

እንዲህ ያለውን ሕልመኛ መንግሥት አርባ አራት ዓመት ሙሉ ማሠራቱ ይገርማል። በአሥራ አምስት ዓመቱ ከእምድብር አዲስ አበባ መጥቶ ጠመንጃ ያዥ ሰፈር ካለው ያጎቱ ሱቅ ገባ። ሳሙና የጠየቀውን ሻማ ሰጥቶ የሚሸኝ ልጅ ነበርና አጎቱ «ይህን ልጅ ከመቆም በቀር ሌላ የማያሠራ ቦታ ፈልጉለት» ብለው ፍርድ ቤት በተላላኪነት አስቀጠሩት። ከአሥር ዓመት በኋላ ችሎት አስተናባሪ ሆነ። ሥራው ስም መጥራት ነው። ዳኛው ራሳቸውን ሲነቀንቁለት በሩን ከፍቶ ወደ ኮሪደሩ ብቅ ይላል፤ የባለጉዳዩን ስም ከነአባቱ ሦስት ጊዜ ይጠራል። ሦስት ጊዜ ተጠርቶ ያልቀረበ ከሳሽ መዝገቡ ይዘጋል። አራተኛ ጥሪ የሚባል ነገር የለም። ግን ምን ዓይነት አጠራር መሰላችሁ! አይጮህም፤ ድምፁ ረዘም ብሎ እስከ ደረጃው ይወርዳል። የተከሰሰ ሰው እንኳ ስሙን ከእሱ አፍ ሲሰማ ቀና ብሎ ይገባ ነበር።

ምስክሮችን ቀኝ እጃቸውን አስነስቶ የሚያስምለውም እሱ ነበር። ስንቱን ሰው አስምሎ እሱ ራሱ አንድ ቀን ምሎ አያውቅም። በዚህ ከተማ ቲማቲም ለመግዛት እንኳ «እናቴ ትሙት» ይባላል፤ ገብረየሱስ ግን «መሃላ ከባድ ነገር ነው፣ ከአፍ ከወጣ አፋፍ ነው» እያለ ዝም ይላል። ሲዋሹ የማሉ ሰዎች ከችሎት ሲወጡ ፊታቸው ምን እንደሚመስል በሩ ላይ ቆሞ ሲያይ ኖሯል።

ሸዋዓለምንም ያገኛት እዚያው በር ላይ ነው። የዛሬ ሠላሳ አንድ ዓመት፣ በጥር ወር፣ ተክለ ሃይማኖት አካባቢ ባለ የአባቷ ቤት ምክንያት ከወንድሞቿ ጋር ተካስሳ መጣች። ገብረየሱስ ብቅ ብሎ «ሸዋዓለም ኃይለመለኮት!» አለ። መልስ የለም። ደገመ፤ የለም። ሠለሰ፤ አሁንም ዝም። ዞሮ «ከሳሽ አልቀረበችም» ማለት ነበረበት። ሊዞር ሲል መስኮቱ አጠገብ የቆመች ባለ ሰማያዊ ሻርፕ ሴት ዓይን ዓይኑን ስታየው አየ። ሥራውን ሁሉ ረሳ። ሕግም ሥርዓትም በማያውቀው ዝቅ ያለ ድምፅ ለአራተኛ ጊዜ ጠራት።

«አቤት» አለች።

በኋላ፣ ጉዳዩ በእርቅ አልቆ ሻይ ሲጠጡ፣ ለምን ቶሎ እንዳልመለሰች ጠየቃት። «ስሜ እንደዚያ ሲጠራ ሰምቼ አላውቅም» አለችው፤ «ትንሽ ይደጋገም ብዬ ነው።» በዚያው ዓመት ተጋቡ። ልጅ አልሰጣቸውም፤ እሷ የቀሚስ ጥልፍ ጠለፈች፣ እሱ ስም ጠራ፤ እንደዚህ እያሉ አረጁ።

ፊልም የሚባለው ነገር ቤታቸው የገባው ገብረየሱስ ጡረታ በወጣ በዓመቱ ነው። ነብያት የምትባል ወጣት የፊልም ዳይሬክተር ቀደም ሲል በሆነ ጉዳይ ፍርድ ቤት ተመላልሳ ድምፁ ጆሮዋ ላይ ቀርቶ ኖሮ፣ አፈላልጋ አገኘችው። ፊልሟ «ክቡር ኮት» ይባላል። ታሪኩን የማያውቅ ካለ እንዲህ ነው። አንድ ሚኒስትር ጠዋት ቢሮ ገብተው ኮታቸውን ወንበሩ ላይ ያንጠለጥሉና ይወጣሉ። አይመለሱም። ጸሐፊያቸው ለመጣው ባለጉዳይ ሁሉ «ኮታቸው አለ፤ እዚሁ ናቸው» ትላለች። ስድስት ዓመት ያልፋል፤ ሚኒስትሩ አለመኖራቸውን ያወቀ የለም። ኮቱ ስብሰባ ይመራል፤ ኮቱ ሪባን ይቆርጣል፤ ኮቱ ይሸለማል፤ በመጨረሻም ኮቱ ይከሰሳል። ምስክር የተባሉት ሰባት ባለሥልጣናት ስማቸው ቢጠራ አንድም «አቤት» የሚል ይጠፋል። ሁሉም ኮታቸውን ልከዋል።

ሰባቱን ስም የሚጠራው ገብረየሱስ ነው። አራት ደቂቃ ብትሆን ነው። የተቀረጸው ጠመንጃ ያዥ በሚገኝ አሮጌ አዳራሽ ውስጥ ሲሆን፣ ነብያት «ጋሼ፣ ድሮ እንደሚጠሩት ይጥሩ፣ ሌላ ምንም አልፈልግም» አለችው። ጠራ። ሰባቱን ጨረሰ። ከዚያ እንደ ልማዱ በሕልም ሄደ። ኮሪደሩ ሌላ ኮሪደር፣ ብርሃኑ የጥር ብርሃን ሆኖ ታየው፤ ወረቀቱ ላይ የሌለ ስም ከአፉ ወጣ። «ሸዋዓለም ኃይለመለኮት!» አለ። ሦስት ጊዜ። ጥቂት ዝም ብሎ ቆየና ደግሞ አራተኛውን ዝቅ አድርጎ ጠራ። ካሜራው ሲቆም አፍሮ ይቅርታ ጠየቀ። ነብያት ግን ዓይኗ እንባ ሞልቶ «ይህቺን አልቆርጣትም» አለች።

ለሸዋዓለም አልነገራትም። በትልቁ መጋረጃ ላይ፣ አዳራሽ ሙሉ ሰው ባለበት፣ ስሟ ሲጠራ ድንገት እንድትሰማው ፈለገ። ሲጠራት ፊቱ ላይ የነበረውንም በዓይኗ እንድታየው። ዕድሜውን ሁሉ የሰው ስም የጠራ ሰው አንድ ጊዜ ለራሱ ቢጠራ ምን አለበት? ሕልሙ ሁሉ እዚህ ላይ ተሰበሰበ። በረንዳው ላይ ቆሞ አዳራሹን ያየዋል፤ ሸዋዓለም ፊት ወንበር ላይ፣ ሰማያዊ ሻርፕ አድርጋ።

መቼም ሰው ያስባል፣ ቢሮ ይሽራል። ፊልሙ ለፋሲካ ማግስት ተቀጠረ፤ «ለተጨማሪ እይታ» ተባለ። ለሐምሌ ተቀጠረ። በዚህ መሀል ከአንድ ቢሮ «ኮቱ የማን ነው?» የሚል ጥያቄ መጣ። ነብያት «የማንም አይደለም፣ መርካቶ ነው የገዛሁት» ብትል፣ «ግራጫ ባለ ቀጭን መስመር ነው፤ እንዲህ ያለ ኮት የሚለብሱ አንድ ኃላፊ አሉ» አሏት። እኔን ቢጠይቁኝ አርባ እቆጥርላቸው ነበር። ሐምሌም አለፈ። ለመስከረም ሲቀጠር ሸዋዓለም ራሷ የጠለፈችውን ቀሚስ ለብሳ፣ እሱ ከረባት አስሮ አዳራሹ በር ደረሱ። በሩ ላይ «በቴክኒክ ችግር ምክንያት» የሚል ወረቀት ተለጥፏል። በተክለ ሃይማኖት በኩል በእግራቸው ሲመለሱ ሸዋዓለም የእግረኛ መንገዱን ጠርዝ ስታ ተደናቀፈች። ጫማዋ ነው ብለው ሁለቱም ሳቁ።

በጥቅምት መጀመሪያ ፊልሙ ተሰረቀ። ለግምገማ ከተሰጡት ቅጂዎች አንዱ ነው ይላሉ፤ ሌባው እስከ ዛሬ አልታወቀም። ሰኞ ቴሌግራም ላይ ተለቀቀ። ማክሰኞ ፍላሽ ላይ ፊልም የሚጭኑ ሱቆች «ክቡር ኮት ደርሷል» ብለው ለጠፉ። ረቡዕ ገብረየሱስ ዳቦ ሊገዛ ሲወርድ አንድ የታክሲ ረዳት ከበሩ ላይ ተንጠልጥሎ «ጋሼ! ክቡር ኮት! ክቡር ኮት! ክቡር ኮት!» አለው፣ ልክ እንደሱ ድምፁን አርዝሞ። ታክሲው ሙሉ ሳቀ። አንድ ጎረምሳም ወዲያ ማዶ ሆኖ «ጀለሴ፣ አራዳው ሰውዬ ያ አይደል!» ሲል ተሰማ። የጨው ተራራ ሲናድ ሞኝ ይልሳል፣ ብልህ ያለቅሳል ይባል የለ? ከተማው ሲልስ ነብያት አለቀሰች።

የፊልሙን ሰዎች ቢሮዋ ሰበሰበቻቸው። ሦስት ዓመት የደከመችበት ነገር በሦስት ቀን የሁሉም ስልክ ውስጥ ገብቷል። «ሌላውን ማስቆም አልችልም» አለች፤ «እናንተ ግን የተሰረቀውን አትዩብኝ፣ ለማንም አታሳዩብኝ። አንድ ቀን በአዳራሽ ይታያል።» ሁሉም እሺ አለ። እሺታቸው ግን ከንፈር ላይ የቀረ እሺታ ነበረ፤ ግማሾቹ አይተውት ነው የመጡት። ገብረየሱስ ይህ ከነከነው። የልጅቷ እንባ አንጀቱን በላው። ተነሣ፤ ቀኝ እጁን አነሣ፤ በሕይወቱ ለመጀመሪያ ጊዜ ማለ። መሃላ የሚማለው ደግሞ በሚወዱት ነውና የሚወደውን ፈለገ፤ ሩቅ አልሄደም።

«አላየውም፣ አላሳይም፣ ከቤቴም አላስገባም» አለ፤ «ይህን ባፈርስ የሸዋዓለምን ዓይን ያጥፋው!»

ነብያት «ውይ ጋሼ፣ እንደሱ አይበሉ» አለች። ካፉ ወጥቷል።

በኅዳር ሸዋዓለም ሻይ ስትቀዳ ከብርጭቆው አጠገብ አፈሰሰችው። መርፌው ላይ ክር ማስገባት ካቃታት ሰንብቷል፤ እርጅና ነው ብላ ደብቃው ኖሮ። ሐኪሙ ለረጅም ጊዜ መርምሮ በዓይኗ ውስጥ ያለው ግፊት ነርቩን እንደጎዳው፣ የጠፋው እንደማይመለስ፣ ጠብታው የቀረውን ጥቂት ሊያቆይ እንደሚችል ነገራቸው። የምታየው በጠባብ ቀዳዳ ያህል ነው፤ እሱም እየጠበበ ነው።

«መቼ ነው የጀመራት?» አለ ገብረየሱስ።

«ዓመታት ሆኖታል፣ አባቴ። ዝም ብሎ የሚሠርቅ በሽታ ነው።»

ሐኪሙ ዓመታት አለ፤ እሱ ግን መሃላውን የማለበትን ጥቅምትን ነው የሰማው። ልደታ ማርያም ሄዶ የሚያውቃቸውን ቄስ ቢያማክር «ልጄ፣ እግዚአብሔር በአንተ ምላስ የሰው ዓይን አያጠፋም፤ ንስሐ ግባና ተወው» አሉት። ንስሐውን ገባ፤ መተዉን ግን አልቻለበትም። ሠላሳ አራት ዓመት ሰው ያስማለ ሰው የራሱን መሃላ እንዴት ያፈርሳል? እንዴትስ በእሷ ዓይን ይወራረዳል?

አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ ሸዋዓለም ራሷ አነሣችው። «ገብሬ፣ አገር ያየህን እኔ ሳላይህ ልቅር?»

«በአዳራሽ ታይኛለሽ።»

«እስከዚያ ይህቺ ቀዳዳ ብትዘጋስ?»

የመሃላውን ነገር ያን ዕለት ነገራት። ትቆጣለች ብሎ ጠበቀ። እሷ ግን «በእኔ ዓይን ማልህ?» አለች። «ከእሱ በላይ የምወደው ስላልነበረኝ» አላት። ከዚያ በኋላ አልጠየቀችውም። ጎረቤት ሄዳ ማየት አያቅታትም ነበር፤ እሱ የማያየውን እሷም አላይም አለች። ስለ ስሟ ግን አሁንም አልነገራትም። ተስፋው ያቺ ብቻ ነበረች።

የሕንፃው ሰው ሁሉ ደግሞ ፊልሙን አይቷል። የጎን ጎረቤታቸው ሚደቅሳ፣ የሰፈሩ መካኒክ፣ በመጀመሪያው ሳምንት ደረጃ ላይ አግኝቶት «ጋሽ ገብሬ፣ እትዬ ሸዋዬን እኮ...» ብሎ ሲጀምር ገብረየሱስ አፉን በመዳፉ ከደነው። «እንዳትነግራት፣ አደራ። አንተም፣ ሌላውም።» ሚደቅሳ አደራውን ፎቅ በፎቅ አደረሰ። ስድሳ አባወራ አንድ ምስጢር ያዘ። በዚህ አገር ስድሳ አባወራ ምስጢር ሲይዝ ስሰማ የመጀመሪያዬ ነው።

ግድግዳ ጆሮ አለው ይባላል፤ የኮንዶሚኒየም ግድግዳ ግን አፍም አለው። ከታኅሣሥ ጀምሮ ያ ሚደቅሳ ምን እንደነካው አይታወቅም፣ በየቀኑ ከቀኑ አሥር ሰዓት ላይ ያንኑ ፊልም ይከፍታል። ያውም መጨረሻውን ብቻ፣ ያውም ድምፁን ለቆ። ገብረየሱስ ተቆጣ፤ ግን ሰውን በገዛ ቤቱ ምን ይለዋል? አሥር ሰዓት ደግሞ የሸዋዓለም ጠብታ ሰዓት ነው። በሚደቅሳ ግድግዳ በኩል ባለው ሶፋ ላይ ትጋደማለች፤ በያንዳንዱ ዓይኗ ያንጠባጥብላታል፤ የተረፈውን በጥጥ ይጠርግላታል፤ ሐኪሙ ባዘዘው መሠረት ዓይኗን ጨፍና ትቆያለች። ከዚያ እሱ ከዚያው ጥጥ ቆንጥሮ ሁለቱን ጆሮውን ይወትፍና በረንዳ ይወጣል። መሃላ መሃላ ነው፤ በጆሮም ቢሆን አይሰርቅም።

ጥጥ በጆሮ ሲሆን ዓለም ሌላ ነው። ታክሲው ያለ ድምፅ ይሄዳል፤ የልደታ ማርያም ምእመናን ነጠላቸውን አጣፍተው ያለ ኮቴ ያልፋሉ፤ ርግቦቹ ያለ ክንፍ ድምፅ ይነሣሉ። አንዳንድ ቀን ግራጫው ኮት ማዶ ሕንፃ በረንዳ ላይ ቆሞ የሚያየው ይመስለዋል። «ስሜን ጥራኝ» ይለዋል ኮቱ። «የሚመልስ የለህም» ይለዋል ገብረየሱስ። ዞር ብሎ በመስኮቱ ሲያይ ሸዋዓለም ዓይኗን ጨፍና ከንፈሯ ሲንቀሳቀስ ያያል። ስለ ዓይኗ የምትጸልይ ይመስለዋል።

ቀዳዳዋ በሚያዝያ ተዘጋች። አንድ ጠዋት ሸዋዓለም «ገብሬ፣ መብራት ሄዷል እንዴ?» አለች። መስኮቱ ወለል ብሎ የተከፈተ፣ ፀሐይ አልጋው ላይ የተዘረጋች ነበረች። ገብረየሱስ ያን ቀን አንድም ነገር አላለመም።

ፊልሙ የተፈቀደው ከዚያ በኋላ ነው፤ በሰኔ። ኮቱ በኮምፒውተር ሰማያዊ ከተደረገ ይታይ ተባለ። ነብያት ደውላ ስትነግረው ድምፅዋ የደስታም የሐዘንም አልነበረም። «ጋሼ፣ ሁሉም አይቶታል፤ ማን ይመጣል? እርስዎ ግን ከእትዬ ጋር ይምጡልኝ።» ገብረየሱስ ስልኩን ይዞ ቆመ። ከዓመት በላይ የጠበቀው ቀን መጣ፤ ሊያሳያት የፈለገው ፊት ግን የማይታያት ፊት ሆነ። መቅረት አማረው። ሸዋዓለም ግን ቀሚሷን አውጥታ በእጇ እየዳበሰች ጥልፉን ፊት ለፊት ማድረጓን ታረጋግጥ ነበር።

ቅዳሜ ከቀኑ ስምንት ሰዓት፣ ዝናብ እያካፋ፣ ክንዷን ይዞ አዳራሹ ገቡ። ባዶ ይሆናል የተባለው አዳራሽ ግማሹ ሞልቷል። የኮንዶሚኒየሙ ሰው ሁሉ ክት ልብሱን ለብሶ መጥቷል። ሁሉም የተሰረቀውን ያየ ነውና እንደ ጥፋተኛ አንገቱን ደፍቷል። ሚደቅሳ ነብያት ፊት ቆሞ «እህቴ፣ ይቅር በዪን» ሲላት ገብረየሱስ ሰማና እህ ብሎ አለፈው።

መብራቱ ጠፋ። ሰማያዊው ኮት በታየ ቁጥር ሰዉ ግራጫውን እያሰበ ይስቃል፤ ሳቁ ቤታቸው ከሳቁት ይልቅ በረታ። ሸዋዓለምም ትስቃለች፣ ፊቷ ከመጋረጃው ትንሽ ወደ ቀኝ ዞሮ። ገብረየሱስ ፊልሙን አላየም፤ እሷን ነው ያየው። መጨረሻው ደረሰ። በሩ ተከፈተ፤ ድምፁ ሰባቱን ስም ጠራ፤ ሰዉ ከወንበሩ እስኪወድቅ ሳቀ። ከዚያ አዳራሹ፣ አንድ ሰው እጁን እንዳነሣበት፣ ባንዴ ዝም አለ።

«ሸዋዓለም ኃይለመለኮት!»

ገብረየሱስ እጇን ጨበጠ። እሷ አልደነገጠችም።

«ሸዋዓለም ኃይለመለኮት!»

ጎረቤቶቹ ዞረው አዩዋት።

«ሸዋዓለም ኃይለመለኮት!»

መጋረጃው ላይ ያለው ገብረየሱስ ኮሪደሩን እያየ ዝም አለ። አራተኛው ሊመጣ ነው። አዳራሹ ውስጥ ያለው ገብረየሱስ ሊዘጋ የደረሰ መዝገብ የያዘ ይመስል ልቡ ተንጠለጠለ። ሸዋዓለም ግን አራተኛውን አልጠበቀችም።

«አቤት» አለች፤ ረጋ ብላ፣ ለምዳው እንደኖረች።

አራተኛው ጥሪ ከኋላ መጣ። ማንም አልሳቀም።

«ሰምተሽው ነበር?» አላት ገብረየሱስ። «አንቺ... ማን ነገረሽ?»

«ማንም አልነገረኝም። አንድ ቀን ጠብታዬን አድርገህልኝ ስትወጣ በግድግዳው ሰማሁት። ከዚያ ሚደቅሳን በየቀኑ ያን ቦታ ክፈትልኝ ብዬ ለመንኩት።» ፈገግ አለች። «መሃላህን አልነካሁም። ፊልሙን አላየሁም፤ በበርም አልገባም።»

«በየቀኑ?»

«በየቀኑ። ስድስት ወር ስትጠራኝ አንድ ቀን ሳልመልስልህ አላደርኩም። አንተ ነህ ጆሮህን በጥጥ ወትፈህ ያልሰማኸኝ።»

ገብረየሱስ አለቀሰ፤ ሰው ያየኛል ሳይል። መብራቱ ሲበራ ሰዉ ተነሥቶ ያጨበጭባል፤ ሁለቱ ብቻ ተቀምጠዋል። ጎንበስ ብሎ ወደ ጆሮዋ ተጠጋ፤ ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ ስሟን ከነአባቷ ጠራ።

«አቤት» አለች።

አሁን ሰማት።